በአራት ድንጋይ የሚበራ ዓለም

ኦሳካ ውስጥ ኒፖንባሺ የሚባል ሰፈር አለ። የአገሩ ሰው ዴንዴን ታውን ይለዋል። ከዳር እስከ ዳር የኤሌክትሮኒክስ፣ የአሻንጉሊትና የጌም ሱቅ ነው። ባለፈው ኅዳር ለሥራ የሄድኩበትን ጉዳይ ጨርሼ ሦስት የዕረፍት ቀን ሲተርፉኝ፣ ኪዮቶ ለዶክትሬት የሚማር አንድ የአዲስ አበባ ልጅ ሊያገኘኝ መጣ። «ጋሼ፣ ቤተ መቅደሱን ነገም እናየዋለን፤ ዛሬ አንድ ቦታ ላሳይዎት» ብሎ ይዞኝ ሄደ።

ያገለገለ ዕቃ የሚሸጥበት መደብር ነበር፤ ሁለተኛ ፎቅ ላይ። ግድግዳውን ተደግፈው ሰማያዊ የፕላስቲክ ሳጥኖች ተደርድረዋል። በያንዳንዱ ላይ «ጃንኩ» የሚል ጽሑፍ አለ። ልጁ እንዳስረዳኝ «ይሠራል ብለን ቃል አንገባም፤ ባይሠራም መልሳችሁ እንዳታመጡት» ማለት ነው። እጄን ወደ አንዱ ሳጥን ሰደድኩ። የተጠላለፈ ኬብል፣ ክዳኑ የጠፋ ሬዲዮ፣ የካሜራ ቀበቶ። ከሁሉም ሥር ግራጫ፣ ጠርዙ የተዶለዶመ፣ መዳፍ ሙሉ የሆነ ነገር ያዝኩ። ገና ሳላየው ጣቶቼ አወቁት፤ ጌም ቦይ የሚባለው የእጅ ጌም ነው።

ልጅ ሆነን ሰፈራችን ውስጥ እንዲህ ያለ ዕቃ የነበረው አንድ ልጅ ብቻ ነበር። አጎቱ ከጅዳ ያመጣለት ነው። ከትምህርት ቤት መልስ ደጃፉ ላይ ተሰልፈን እንቀመጥ ነበር። ሕጉ አንድ ነው፤ የሚጫወተው ልጅ «ከሞተ» ተራው ያልፋል። «ሞትክ! አምጣ!» የሚለው ጩኸት እስከ አስፋልቱ ይሰማል። የባትሪ ድንጋዩ ሲደክም አውጥተን ጸሐይ ላይ እናሰጣዋለን፤ ጸሐይዋ ካልረዳችው በጥርሳችን ነክሰን እንደገና እንከተዋለን። ካሴቱ እንቢ ሲል ደግሞ አውጥተን እፍ እንለዋለን። ካሴት ነበር የምንለው። እዚያ ሱቅ ውስጥ ልጁ ሻጩን ሲያነጋግር «ካሴቶ» የሚል ቃል ሰማሁና ዞር አልኩ። ጃፓኖችም ካሴት ነው የሚሉት።

ጌም ቦዩን በ2,200 የን፣ ከጎኑ ያገኘሁትን አንድ ካሴት በ550 የን ገዛሁ። ካሴቱ ፍጥረታት የሚሰበሰቡበት ፖኬሞን የሚባለው ጌም ነው፤ እ.ኤ.አ. የካቲት 27 ቀን 1996 ጃፓን ውስጥ ከወጡት ከሁለቱ የመጀመሪያዎች አረንጓዴው። ሆቴል ገብቼ አራት ድንጋይ ከተትኩበትና ማብሪያውን ገፋሁት። ቀዩዋ መብራት በራች። ስክሪኑ ላይ ግን የታየው ነጫጭ ቋሚ መስመር የበዛበት፣ እንደተበላ ጨርቅ የሆነ አረንጓዴ ነገር ነው። ለልጁ ፎቶውን ላክሁለት። ብዙም ሳይቆይ «ጋሼ፣ አይጣሉት። ነገ የሚያድነው ሰው ጋ እወስድዎታለሁ» ብሎ መለሰልኝ።

በማግስቱ ኪዮቶ ገባን። ከጣቢያው በስተ ሰሜን፣ ወደ ካሞ ወንዝ ቀረብ ብሎ ካጊያቾ በሚባለው ሰፈር በእግር ስንሄድ አንድ አሮጌ ቤት አሳየኝ። የጌም ቦይ ሠሪ የሆነው ኒንተንዶ እዚህ ከተማ እ.ኤ.አ. በ1889 ፉሳጂሮ ያማውቺ በሚባል ሰው ሲመሠረት ሥራው ሃናፉዳ የሚባለውን አበባ የተሳለበት የመጫወቻ ካርታ መሥራት ነበር። ይህ ቤት ለብዙ ዘመን የድርጅቱ ዋና መሥሪያ ቤት ሆኖ ኖሯል፤ አሁን ሆቴል ነው። በሩ ላይ ትንሽ ቆምን፤ ከዚያ አውቶቡስ ይዘን ወደ ኒሺጂን ወጣን።

ኒሺጂን የሸማኔዎች ሰፈር ነው። ቤቶቹ ከፊት ጠባብ፣ ወደ ውስጥ ግን ረጅም የሆኑ የእንጨት ቤቶች ናቸው። ከአንዳንዱ የሽመና መኪና ድምፅ እስከ ዛሬ ይሰማል። የሄድንበት ቤት ጓሮው ላይ አንዲት ክፍል አለች፤ መጋረጃዋን ገልጠን ገባን። ሰባ ዓመት የሚሆናቸው ቀጭን ሰው መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ ሰቅለው ተቀምጠዋል። ሁሉም ሰንሰይ ይላቸዋል፤ መምህር እንደ ማለት ነው፤ እኔም ሰንሰይ አልኳቸው። ጥግ ላይ ፀጉሯን በአጭር የተቆረጠች ወጣት፣ ማዳመጫ ጆሮዋ ላይ አድርጋ ሁለት ጌም ቦይ በኬብል አገናኝታ ሙዚቃ ትሠራለች። ጫማችንን አውልቀን ተቀመጥን፤ ሻይ ቀረበልን።

ሰንሰይ የእኔን ጌም ቦይ ተቀብለው ገና ሳይከፍቱት ጀርባውን በአውራ ጣታቸው ዳሰሱ። ከዚያ ጫፉ ባለ ሦስት ክንፍ የሆነ ካቻቢቴ አንስተው ብሎኖቹን አንድ በአንድ እየፈቱ በትንሽ ሳህን ላይ ልክ በነበሩበት ቅርጽ ደረደሯቸው። ክዳኑ ተነሣ። በስክሪኑ ታችኛው ጠርዝ በኩል ቀጭን ሪባን አለ፤ ከጎማ ማቀፊያ ሥር ተደብቋል። በዚህ ሪባን ላይ የተሰለፉት ፀጉር የሚያካክሉ መስመሮች እያንዳንዳቸው አንድ ቋሚ የስክሪን ረድፍ ያበራሉ። ሪባኑን ከመስተዋቱ ጋር ያያያዘው ማጣበቂያ ዕድሜ ሲጫነው ይላቀቃል፤ ያን ጊዜ ረድፉ ይጠፋል። ስክሪኑ አልሞተም፤ መንገዱ ነው የተዘጋው።

የመበየጃውን ብረት አግለው፣ ጌም ቦዩን እንደበራ ይዘው፣ የብረቱን ጫፍ በሪባኑ ጠርዝ ላይ ቀስ እያሉ ከግራ ወደ ቀኝ ወሰዱት። ትንፋሼን ይዤ አየሁ። ብረቱ ባለፈበት ሁሉ ነጩ መስመር አንድ በአንድ ይጠቁራል፤ ጎህ ሲቀድ ቤቶች ተራ በተራ እንደሚታዩት ነበር። አንዱ መስመር እንቢ አለ። ተመለሱ፤ ትንሽ ጫን አሉ። መጣ። ሰንሰይ ምንም አላሉም፤ ብረቱን ማስቀመጫው ላይ መልሰው ሻያቸውን ፉት አሉ።

እኔ የድሮ መጫወቻ ሰብሳቢ የሚባል ሰው በመስተዋት ውስጥ ደርድሮ የሚያይ ይመስለኝ ነበር። እዚያ ክፍል ውስጥ መስተዋት የሚባል ነገር የለም። ሁሉም ነገር ተከፍቷል። በየመሳቢያው ቁልፍ፣ ድምፅ ማጉያ፣ የጎማ ማስደገፊያ፣ የተሰነጠቀ ክዳን በዓይነት በዓይነቱ ተለይቶ ተቀምጧል። የሴጋ ጌም ጊር የሚባለውም የእጅ ጌም ብዙ አለ፤ እ.ኤ.አ. በ1990 ወጥቶ ባለ ቀለም ስክሪኑ ያስደነቀ፣ ስድስት ድንጋይ ቶሎ የሚጨርስ። በውስጡ ያሉት ትናንሽ ካፓሲተሮች ፈሳሽ እያፈሰሱ ቦርዱን ይበሉታልና፣ ያልተከፈተ ጌም ጊር መደርደሪያ ላይ ቆሞም እየሞተ ነው። «ሳጥኑ ያልተከፈተ፣ አዲስ፣ ብለው በውድ ይሸጡታል» አሉኝ ሰንሰይ በልጁ አስተርጓሚነት። «እኔ ግን ያልተከፈተ ሳይ እፈራለሁ።»

የጌም ቦይን ሥራ የመራው ሰው ጉንፔ ዮኮይ ይባላል፤ የኪዮቶ ልጅ ነው። እ.ኤ.አ. በ1965 ኒንተንዶ የገባው የካርታ መሥሪያ መኪናዎችን ሊጠግን ነበር። በትርፍ ጊዜው የሠራው፣ ተዘርግቶ ነገር የሚይዝ የእንጨት መስቀለኛ የሚመስል መጫወቻ በአለቃው ዓይን ገብቶ በ1966 «አልትራ ሃንድ» ተብሎ ለገበያ ወጣ። በኋላም በባቡር ሲሄድ አንድ ሠራተኛ ሰው ለጊዜ ማሳለፊያ የኪስ ካልኩሌተሩን ሲነካካ አየና ኪስ የሚገባ ጌም አሰበ፤ በ1980 የወጣው «ጌም ኤንድ ዎች» የዚያ ፍሬ ነው። ዮኮይ የሚመራበት አንድ አሳብ ነበረው። ጃፓንኛው ቃል በቃል «የደረቀ ቴክኖሎጂን ወደ ጎን ማሰብ» ይላል። ልጁ «የደረቀ» ብሎ ሲተረጉምልኝ አልተስማማኝም። ያረጀ ማለት አይደለም፤ ጠባዩ የታወቀ፣ ዋጋው የረከሰ፣ ጉድ የማይሠራ ማለት ነው። እኛ ለዚህ ቃል አለን፤ የከረመ። የከረመ ቅቤ ከአዲሱ ይበልጣል የምንለው ለዚህ ነው። ዮኮይ የከረመ ነገር ወስዶ ሌላው ያላሰበበት ቦታ አዋለው።

ለዚህ ነው እ.ኤ.አ. ሚያዝያ 21 ቀን 1989 በ12,500 የን የወጣው ጌም ቦይ ቀለም የሌለው። ስክሪኑ በአግድም 160፣ በቁመት 144 ነጥብ ብቻ ነው፤ ቀለሙም አረንጓዴ ላይ የተዘረጉ አራት የጥላ ደረጃዎች። ውስጡ ያለው ፕሮሰሰር በሰከንድ ከ4 ሚሊዮን ጥቂት የሚበልጥ ምት ይመታል፤ የሥራ ማኅደረ ትውስታው 8 ኪሎባይት ነው። ባለ ቀለም ስክሪን የያዙት ተፎካካሪዎቹ ድንጋይ ሲጨርሱ እሱ ይሠራ ነበር። ከባለ ቀለሙ ታናሽ ወንድሙ ጋር 118 ሚሊዮን ከ690 ሺህ ያህል ተሸጧል። ዮኮይ ራሱ በ1996 ከድርጅቱ ወጣ፤ በማግስቱ ዓመት ጥቅምት 4 ቀን አውራ ጎዳና ላይ በደረሰ የመኪና አደጋ ሞተ። ሰንሰይ ስሙን ሲያነሡ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ።

ቀጥሎ ካሴቱ ነበር። ሰንሰይ መገናኛ ጥርሶቹን በአልኮል በተነከረ ጥጥ አበሱ፤ ጥጡ ጠቆረ። እፍ ማለታችንን ስነግራቸው ራሳቸውን ነቀነቁ፤ የትንፋሽ እርጥበት መዳቡን ይበላዋል። ሲያበሩት ያ የማውቀው ነገር ሆነ፤ የድርጅቱ ስም ከላይ ወደ ታች ቀስ ብሎ ወረደና ሁለት ድምፅ ያላት ደወል ተሰማች። ይህ ስም ከማሽኑ ሳይሆን ከካሴቱ ነው የሚነበበው። ማሽኑ በውስጡ ከያዘው ጋር ያነጻጽረዋል፤ አንድ ነጥብ ከተለየ አይነሣም። ልጅ ሳለን ካሴቱ ሲቆሽሽ የምናየው ጥቁር አራት ማዕዘን፣ የተበላሸው ያ ስም ነበር። ሠላሳ ዓመት ቆይቶ መልሱን አገኘሁ።

ይህን ማነጻጸሪያ የሚሠራው ፕሮግራም 256 ባይት ብቻ ነው፤ ሥራውን ሲጨርስ ራሱን ይቆልፋል፣ ከዚያ በኋላ በምንም ፕሮግራም ሊነበብ አይችልም። እ.ኤ.አ. በ2003፣ ጌም ቦይ በወጣ በ14ኛው ዓመት፣ አንድ የጌም ቦይ ወዳጅ የቺፑን ሽፋን አስወግዶ፣ ከማይክሮስኮፕ ሥር አስቀምጦ፣ በሲሊከኑ ላይ የተቀረጹትን 2,048 ዜሮና አንዶች በዓይኑ እያየ አነበባቸው። ደመወዝ አልተከፈለውም። ይህን ስሰማ ትዝ ያለኝ በጧፍ ብርሃን የደበዘዘ ብራና ላይ አጎንብሶ የሚገለብጥ ጸሐፊ ነው። የእኛም መጻሕፍት እዚህ የደረሱት ተገልብጠው ነው። እ.ኤ.አ. ከ1973 ጀምሮ በየገዳሙና በየደብሩ ያሉ ብራናዎች በማይክሮፊልም ሲነሡ፣ ቅጂው ሚኒሶታ ድረስ ሄዶ ሲቀመጥ፣ እነ ጌታቸው ኃይሌን የመሳሰሉ ሊቃውንት ዕድሜያቸውን ሰጥተው ካታሎጉን ሲያዘጋጁ፣ የተሠራው ያው ሥራ ነው። ሁለቱን ማመሳሰሌ የሚከብደው ሰው ይኖራል። አንዱ ቅዱስ ነው፣ አንዱ መጫወቻ። ነገር ግን በሁለቱም ፊት የተቀመጠው ሰው ጎንበስ ብሎ የሚያደርገው ነገር አንድ ነው፤ እኔ ጎንበስ ማለቱን ነው ያየሁት።

ጌሙ ተነሣ። ከዚህ በፊት የተጫወተ ሰው ካለ «ቀጥል» የሚል ምርጫ ይመጣል። መጣ። ሰንሰይ ቀና ብለው ልጁን አዩት፤ ልጁ እኔን አየኝ። ስክሪኑ ላይ በሦስት የጃፓን ፊደል የተጻፈ የልጅ ስም አለ። ከሥሩ የተጫወተበት ጊዜ፤ 147 ሰዓት። ከዚያ የሰበሰባቸው ፍጥረታት ብዛት፤ 150።

ሙዚቀኛዋ ወጣት ማዳመጫዋን አውልቃ መጣች። «ጓደኛ ነበረው» አለች። አልገባኝም። ቆይታ አስረዳችኝ። በአረንጓዴው ካሴት ውስጥ የማይገኙ ፍጥረታት አሉ፤ ቀዩን ካሴት ከያዘ ሰው ጋር በኬብል ተገናኝቶ ካልተለዋወጡ 150 አይሞላም። እንግዲህ ይህ ልጅ፣ የዛሬ ሠላሳ ዓመት ገደማ፣ ከአንድ ሌላ ልጅ ጎን ተቀምጦ፣ መካከላቸው ኬብል ዘርግተው፣ አንተ ይህን ስጠኝ እኔ ያንን ልስጥህ ተባብለዋል። የጌሙ ፈጣሪ ሳቶሺ ታጂሪ በልጅነቱ ነፍሳት ሲሰበስብ ያደገ ሰው ነው፤ ያን ኬብል ሲያይ ነፍሳት በላዩ ሲሄዱ ታዩት ይባላል። የዚህ ልጅ ኬብል የት ደረሰ? ጓደኛውስ?

ይህን ሁሉ የያዘው በካሴቱ ውስጥ የተበየደ አንድ የሰዓት ድንጋይ ነው። እሱ ሲያልቅ ስሙም፣ 147ቱ ሰዓትም፣ 150ዎቹም በአንድ ቅጽበት ይጠፋሉ። ታሪክ በሰዓት ድንጋይ የሚያስቀምጡ የጌም ቦይ ካሴቶች ሁሉ ይህ ዕዳ አለባቸው፤ ብዙዎቹ አልቀዋል፣ የቀሩት እያለቁ ነው። ሰንሰይ ካሴቱን ኮምፒዩተር ላይ በተሰካ ትንሽ ማንበቢያ ውስጥ ከተቱት። የዚያን ልጅ ታሪክ ገልብጠው አወጡ። ደግመው ገልብጠው ሁለቱን ቅጂ አነጻጸሩ፤ አንድ ናቸው። ከዚያ በኋላ ነው ብሎኑን ፈትተው፣ የሞት አፋፍ ላይ የነበረውን ድንጋይ ነቅለው፣ አዲሱን የበየዱት። ታሪኩን መለሱለት። አበሩት። ሦስቱ ፊደላት በቦታቸው ናቸው።

«በአማርኛ ለዚህ ሥራ ምን ትላላችሁ?» ብለው ጠየቁኝ። «መጠበቅ» አልኳቸው፤ ልጁ ደግሞ ይኸው ቃል አንድን ሰው እስኪመጣ መቆየትም ማለት እንደሆነ ነገራቸው። ሰንሰይ ቃሉን ሁለት ጊዜ ደገሙት፤ «ጠ»ዋ አስቸገረቻቸው።

ይህ ጌም የሚያስቀምጠው አንድ ታሪክ ብቻ ነው። አዲስ ጀምሬ ባስቀምጥ የዚያ ልጅ ይሰረዛል። ስለዚህ አልጀመርኩም። ካሴቱ ዛሬ አዲስ አበባ ጠረጴዛዬ ላይ ነው፤ አንዳንድ ቀን አበራዋለሁ፣ ስሙን አያለሁ፣ አጠፋዋለሁ።

ከሰዓት በኋላ ሌሎች መጡ፤ ተማሪ፣ የባቡር ሠራተኛ፣ አንዲት ነርስ። ይህን ዕቃ የሚለውጡት፣ የሚያሻሽሉት፣ የሚጨምሩበት እነዚህ ናቸው። አንዱ የድሮውን ስክሪን አውጥቶ በጨለማ የሚበራ ዘመናዊ ስክሪን ያስገባል። ነርሷ ክዳኑን በፈለገችው ቀለም ትለውጣለች። ሙዚቀኛዋ ድምፁን ከማጉያው በፊት ቀጥታ የሚያወጣ መስመር በይዳለች፤ እ.ኤ.አ. በ2000 አንድ ስዊድናዊ ፕሮግራመር በጀመረው «ሊትል ሳውንድ ዲጄ» በተባለ ካሴት ነው የምትጽፈው። ጌም ቦይ አራት ድምፅ ብቻ አለው፤ ሁለቱ ዜማ ይይዛሉ፣ አንዱ የፈለጉትን ሞገድ ይቀርጻል፣ አንዱ እንደ ከበሮ ይፋጫል። ክራር በስድስት ክር አገር ያስለቅሳል፤ በአራት ድምፅ የሠራችውን ስታሰማኝ አልገረመኝም፣ ግን ዝም አልኩ።

ከሰንሰይ ጋር የሚከራከሩበት ነገር አለ። የድሮውን ስክሪን ማውጣት መጠበቅ ነው ወይስ ማጥፋት? ሰንሰይ ሕግ አላቸው፤ ከአንድ ዕቃ የወጣ ነገር ሁሉ ስሙ ተጽፎበት በትንሽ ከረጢት ይቀመጣል፣ ነገ የሚፈልገው ይመልሰዋል። በቢጫነት ጉዳይ ግን አይደራደሩም። ግራጫው ፕላስቲክ በጸሐይ ሲቆይ ይወይባል፤ ወጣቶቹ በሃይድሮጅን ፐርኦክሳይድና በጸሐይ ያነጡታል። እሳቸው አያነጡም። እኔ ከሳቸው ጋር ነኝ፤ የወየበው የሰው መስኮት ዳር ተቀምጦ ነው።

የሕጉን ነገር ጠየቅኋቸው፤ ሁሉም ደፈር ብለው አልመለሱም። ሰው የራሱን ካሴት ሲገለብጥና ያን ቅጂ ለዓለም ሲበትን አንድ አይደለም። ሰንሰይ ለማንም ቅጂ አይሰጡም። ግን የሚያስጨንቅ ቁጥር አለ። እ.ኤ.አ. በ2023 አሜሪካ ያለው የቪዲዮ ጌም ታሪክ ፋውንዴሽን ባወጣው ጥናት፣ ከ2010 በፊት በዚያ አገር ከወጡት ጌሞች 87 በመቶው በዚያን ጊዜ በገበያ አይገኙም ነበር፤ ከጌም ቦይ ቤተሰብ ደግሞ የሚገኘው ከ6 በመቶ በታች ነበር። ሻጭ የሌለው፣ ቤተ መጻሕፍትም በርቀት ሊያውሰው ያልተፈቀደለት ነገር፣ ወዳጅ ካልያዘው ማን ይይዘዋል?

አፍቃሪዎች የሚሠሩትን ለማየት «ማዘር 3»ን ማንሣት ይበቃል። ሺገሳቶ ኢቶይ የጻፈው፣ ሞትና ሐዘን ያለበት ታላቅ ጌም ነው፤ እ.ኤ.አ. በ2006 ለጌም ቦይ አድቫንስ በጃፓንኛ ብቻ ወጣ። እንግሊዝኛ አንባቢዎች ጠብቀው ጠብቀው ሲያቅታቸው፣ በሙያው ተርጓሚ የሆነ ክላይድ ማንደሊን የሚባል አሜሪካዊና ጓደኞቹ በነፃ ተርጉመው በጥቅምት 2008 አወጡት። ጌሙን አልበተኑም፤ የበተኑት ልዩነቱን ብቻ ነው። ካሴቱ ያለው ሰው ልዩነቱን በላዩ ሲያለብሰው ጃፓንኛው እንግሊዝኛ ይሆናል። ማንደሊን ድርጅቱ ከፈለገ ትርጉሙን እንዲሁ ሊሰጥ ዝግጁ መሆኑን ተናግሮ ነበር። እስከ አሁን በድርጅቱ በኩል እንግሊዝኛ አልወጣለትም።

በሦስተኛው ቀን ኡጂ ሄድን፤ በሻይዋ የታወቀችው ከተማ፣ ቤተ መቅደሷ በ10 የን ሳንቲም ላይ ያለችው። የኒንተንዶ ሙዚየም እ.ኤ.አ. ጥቅምት 2 ቀን 2024 እዚያ ተከፍቷል፤ ድሮ ካርታ የሚሠራበትና የተበላሸ ዕቃ የሚጠገንበት ፋብሪካ ነበር። የመግቢያ ትኬቱ በዕጣ ነው፤ ልጁ ከወራት በፊት ተመዝግቦልኝ ኖሯል። ያማረ ነው፣ የተደራጀ ነው፣ የዮኮይን አልትራ ሃንድ አየሁ። ግን ልቤ ጓሮዋ ክፍል ቀርቶ ነበርና ቶሎ ወጣሁ።

ማታ ተመለስን። ሰንሰይ ከግድግዳው ላይ አንድ የቆየ ወፍራም ካርድ አውርደው አሳዩኝ፤ በቀዳዳ የተሞላ። የአባታቸው ነው። ሸማኔ ነበሩ። የኒሺጂን ሰዎች እ.ኤ.አ. በ1872 ሊዮን፣ ፈረንሳይ ድረስ ሰው ልከው ጃካርድ የሚባለውን የሽመና መኪና አስመጡ፤ ጥለቱን የሚያዘው ቀዳዳ ያለው ካርድ ነው። ቀዳዳ ካለ ክሩ ይነሣል፣ ከሌለ ይቀራል። «አባቴም ካሴት ይቀይር ነበር» አሉ ሰንሰይ። የእኛ ሸማኔ ጥለቱን በቃሉ እንደሚይዝ ነገርኳቸው። ለረጅም ጊዜ ስለ ጥበብ ቀሚስ ሲጠይቁኝ ቆዩ።

ሙዚቀኛዋ ኮምፒዩተሯን አዞረችልኝ። ስክሪኑ ላይ በአግድም ስምንት፣ በቁመት ስምንት የሆነ ባዶ ሰንጠረዥ አለ። ጌም ቦይ የሚያሳየው ሁሉ ከእንዲህ ያለ ትንሽ ንጣፍ የተገጣጠመ ነው፤ በአንድ ረድፍ 20፣ ከላይ እስከ ታች 18። ለእያንዳንዱ ንጣፍ ቁጥር ይሰጠዋል፤ ከ0 እስከ 255። «ፊደላችሁ ስንት ነው?» አለችኝ። 33 በ7 አልኳት። 231።

ተያየን። 256 ቦታ፣ 231 ፊደል። 25 ይተርፋል፤ ለአራት ነጥብ፣ ለነጠላ ሰረዝ፣ ለጥቂት ዲቃሎች። እያንዳንዱ ንጣፍ 16 ባይት ነውና ፊደሉ ሁሉ ከ4 ኪሎባይት በታች ይገባል። ሀን ሳልኩ፤ ቀላል ናት። ለ መጣች። ከዚያ ነው ችግሩ የጀመረው። የሉ መቀጠያ ጎኗ ላይ ነው፣ የሊ እግሯ ላይ፤ በሰባት ነጥብ ውስጥ ሁለቱን የሚለያቸው አንድ ነጥብ ነው፤ ስምንተኛው ነጥብ ለፊደል መለያ ባዶ መቅረት አለበት። ሌ ቀለበት አላት፤ ቀለበት ቀለበት እንዲመስል ቢያንስ ሦስት በሦስት ሆኖ መካከሉ ባዶ መሆን አለበት። ሰንሰይ መነጽራቸውን አውርደው ተጠጉ። ልጁ «ጋሼ፣ ኧረ ያችን ወደ ግራ ይግፏት» ይለኛል። ሌሊቱ ሰባት ሰዓት ሲሆን ሀ፣ ለ፣ ሐ፣ መ ከነቤተሰባቸው አልቀው ነበር። ወጣቷ ወደ ባዶ ካሴት ጻፈቻቸውና በእኔው ጌም ቦይ ላይ ከተተችው። ደወሏ ጮኸች። አረንጓዴው ስክሪን ላይ ሀ ሁ ሂ ሃ ሄ ህ ሆ ተሰልፈው ወጡ። ሰፈራችን ደጃፍ ላይ ተራ የጠበቅነው ሁላችን ታየን። አንድ ቀን እንኳ በፊደላችን ያልተናገረን ዕቃ ነበር።

ሥራው አልቆመም። እሷ ከኪዮቶ፣ እኔ ከአዲስ አበባ በየሳምንቱ አንድ ቤተሰብ እንለዋወጣለን። እስከ ገ ድረስ 182 ፊደል ደርሰናል። ሲያልቅ መጀመሪያ የሚጻፈውን ቃል ሰንሰይ መርጠዋል፤ «መጠበቅ»። መ፣ በና ቅ ከነቤተሰባቸው ተሠርተዋል። ትናንት ማታ የጠን ንድፍ ላከችልኝ። መካከለኛዋ እግር አጥራለች፤ አንድ ነጥብ ብትጎድል ሐ ትመስላለች። አስረዝሜ መልሼ ልኬላታለሁ። ጨ ቀጥሎ ነው።